የመቀሱ አባት ማነው?

(ከጉርድ ሾላ)

ሰፈራችን ጉርድ ሾላ ይባላል። ስሙን ያወጡለት ሰዎች ዛፍ አይተው ነው፤ ያውም የተጎረደ ዛፍ። ለመሆኑ ሾላውን ማን ጎረደው? ለማገዶ ነው? ለመንገድ ነው? ወይስ እንዲሁ እጁን በልቶት? የሰፈሩን ሽማግሌ ጠይቁ፣ ከመገናኛ ሲኤምሲ እያለ ሲጣራ የሚውለውን ወያላ ጠይቁ፣ መልስ የለም። ዛፉ ሞቶም የሰፈር ስም ሆኖ ቀርቷል፤ ቆራጩን ግን ውሃ በልቶታል።

አመጣጤ ስለ ዛፍ ላወጋችሁ አይደለም። ስለ ሌሎች ቆራጮች ነው፤ ስለ ፊልም ቆራጮች። መዝገበ ቃላት "አርታዒ" ይላቸዋል፤ ሙያተኞቹ ግን "ኤዲተር" ነው የሚባባሉት፤ እኔም በነሱ አፍ ልናገር። ካሜራው አርባ ሰዓት የቀረጸውን ተቀብሎ አንድ ሰዓት ከአርባ አምስት አድርጎ የሚያወጣው ሰው ነው። የቱ ይታይ፣ የቱ ይጣል፣ ከየትኛው ቀጥሎ የቱ ይምጣ፣ ተዋናይዋ ስንት ሰከንድ ዝም ትበል... ይህን ሁሉ ከዳይሬክተሩ ጋር ሲሟገት የሚያድረው እሱ ነው። የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልማችን በ1957 ዓ.ም. "ሂሩት አባቷ ማነው?" ብሎ ጠይቆን ነበር። የኔ ጥያቄ ደግሞ የመቀሱ አባት ማነው? የሚል ነው።

እስቲ ወደ ኋላ ልመልሳችሁ። በዚህች አገር ከሁሉ የከበደ ሥራ የሠራ ፊልም የቱ ነው ብትሉኝ፣ ሲኒማ ቤት የታየ አይደለም። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የታየው ነው። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን እልቂት ቀርጾ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ለአገሩ ተመልካች አሳይቶት ነበር። ደርግ ያንን ፊልም አመጣና ለእኛ አሳየን። ነገር ግን ዲምብልቢ እንደሠራው አይደለም። መቀስ ገባበት። በወሎ ረሃብተኛ መካከል የቤተ መንግሥት ድግስ፣ ሻምፓኝ፣ ለንጉሥ ውሻ የሚቀርብ ሥጋ ተሰነቀረ።

አስከሬን። ቁረጥ። ብርጭቆ። ቁረጥ። አጥንቱ የወጣ ሕፃን። ቁረጥ። ሥጋ የሚጎርስ ውሻ።

በማግስቱ፣ መስከረም 2፣ ንጉሠ ነገሥቱ በቮልስዋገን ተጭነው ከቤተ መንግሥታቸው ወጡ። ፊልሙ ብቻውን ጣላቸው ማለቴ አይደለም፤ ወታደሩ፣ ታክሲ ነጂው፣ መምህሩ፣ ተማሪው ወራት ሙሉ ሲነቀንቃቸው ከርሟል። ግን ያን ሌሊት ሰው ቤቱ ቁጭ ብሎ ባየው ነገር ምክንያት፣ ጠዋት መንገድ ዳር "ሌባ! ሌባ!" ብሎ ለመጮህ አፉ አልተያዘም። የዘመናት ክብር በአንድ ማታ ተገፈፈ።

እንግዲህ ልብ በሉ። ፊልሙን ያነሳው እንግሊዛዊ ስሙ ይታወቃል። ያሳየው ደርግ ስሙ ይታወቃል። የወረዱት ንጉሥ ስማቸው ይታወቃል። ኧረ ቮልስዋገኗ እንኳ ታሪክ ሆናለች! ውሻውንና ሕፃኑን አጠገብ ላጠገብ ያጣበቀው ሰውስ? በዚያ ጊዜ ቴሌቪዥን ያዩ ስንት ሰዎች ጠይቄአለሁ፤ ፊልሙን ሁሉም ያስታውሰዋል፤ የቆራጩን ስም የጠራልኝ አንድም የለም።

ብልሃቱ አዲስ አልነበረም። ሌቭ ኩሌሾቭ የሚባል ሩሲያዊ ከአብዮታቸው በኋላ ባሉት ዓመታት አንድ ሙከራ አደረገ ይባላል። የአንድ ተዋናይ ፊት፣ ምንም ስሜት የሌለበት ፊት ወሰደ። አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳህን ጋር፣ አንድ ጊዜ ከሬሳ ሣጥን ጋር፣ አንድ ጊዜ ከቆንጆ ሴት ጋር አጣበቀው። ተመልካቹ "እንዴት እንደራበው!"፣ "ኀዘኑ እንዴት እንደጎዳው!"፣ "አይ ሲመኛት!" እያለ ተዋናዩን አደነቀ። ፊቱ ግን ያው አንድ ፊት ነበር። ንጉሡ ውሻቸውን ሲመግቡ የተቀረጸው ሥዕልም ብቻውን ሲታይ ምን ነበር? የሽማግሌ ሰው ከውሻ ጋር መጫወት። ከወሎ ሕፃን ቀጥሎ ሲመጣ ነው የክስ ማመልከቻ የሆነው። ልጠይቃችሁ፤ ይህ ውሸት ነው? ረሃቡ እውነት ነበር፤ መደበቁም እውነት ነበር። እውነትን ከእውነት ጋር አጣብቆ ሦስተኛ ነገር መውለድ ማለት ይሄ ነው፤ ይህ ሦስተኛ ነገር ደግሞ የሚወለደው በቆራጩ እጅ ነው።

ስለዚህ መንግሥታቶቻችን የኤዲተርን ጉልበት አያውቁም የሚለኝ ካለ አልሰማውም። አሳምረው ያውቃሉ! ኢሕአዴግም ከደርግ ወርሶታል። በኅዳር 2004 ዓ.ም. "አኬልዳማ" የተባለውን ያየ ሰው ያስታውሳል። ጉዳያቸው ገና ፍርድ ቤት ያልተቋጨ ሰዎች፣ ጋዜጠኛውም ፖለቲከኛውም፣ ከቦምብ ጭስና ከሬሳ ሥዕል አጠገብ ተለጥፈው ቀረቡልን። በጥር 2005 ዓ.ም. ደግሞ "ጂሃዳዊ ሐረካት" መጣ፤ እሱማ ፍርድ ቤት እንዳይታይ ያገደው ነበር፤ ታየ! ያው የ1967ቱ መቀስ ነው፤ ፊት ከቦምብ ጋር፣ ፊት ከደም ጋር። ልዩነቱ የ1967ቱ ያነጣጠረው ዘውድ ላይ ሲሆን፣ የ2004ቱ እጁ የታሰረ ሰው ላይ መሆኑ ነው። ያን ጊዜም የቆራጩን ስም ማንም አልነገረንም። ድርጅቱ ዛሬ ኢቢሲ ይባላል። ስም ሲቀየር ወንበሩም መቀሱም አብረው ተቀይረው እንደሆነ ማታ ማታ ዜና የሚያይ ሰው ይፍረድ።

ታዲያ ለፕሮፓጋንዳው ቆራጭ አጥቶ የማያውቅ መንግሥት ለፊልሙ ቆራጭ ምን አደረገለት? እዚህ ላይ ነው ፖላንድ የሚባል አገር ጨዋታ ውስጥ የሚገባው። "ደግሞ ፖላንድን ምን አመጣው?" አትበሉኝ፤ ያመጣነው እኛው ነን።

በጥር 2006 ዓ.ም. የዘረሰናይ ብርሃኔ "ድፍረት" አሜሪካ ሰንዳንስ ላይ የተመልካች ሽልማት አገኘ። በወሩ በርሊንም የተመልካች ሽልማት ደገመ። ልጁ የኛ፣ ታሪኩ የኛ፣ ቋንቋው አማርኛ፣ የተቀረጸው በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም በአገራችን። አጀብ ነው አልን፤ አንጀሊና ጆሊ ስሟን ሰጥታዋለች ብለንም ጋዜጣ ሞላን። ማን ቆረጠው ብሎ የጠየቀ ግን አላየሁም። የቆረጠችው አግኒየሽካ ግሊንስካ የምትባል ፖላንዳዊት ናት።

የዚህችን ሴት የሥራ ጉዞ ብታዩ ትገረማላችሁ። እ.ኤ.አ. በ2015 ማግኑስ ፎን ሆርን ለሚባል የስዊድን ተወላጅ ዳይሬክተር የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ቆረጠችለት፤ ከዚያ በኋላም ሁለቱ አልተለያዩም። እ.ኤ.አ. በ2024 አብረው የሠሩት "መርፌ የያዘችው ልጅ" ካን ገባ፤ ዴንማርክን ወክሎም ለኦስካር ታጨ። በ2021 የቆረጠችው የአይስላንድ ፊልም ስሙ "በግ" ነው። ይገርማችኋል፣ የኛው ያሬድ ዘለቀ እ.ኤ.አ. በ2015 ካን ያስገባው፣ ወደዚያ ፌስቲቫል ይፋ ምርጫ ለመግባት የመጀመሪያ የሆነው የኢትዮጵያ ፊልምም በእንግሊዝኛ ስሙ ያው "በግ" ነው! ሁለቱ በጎች ስድስት ዓመት ተለያይተው የገቡት በአንድ በረት፣ ፈረንጆቹ "ለየት ያለ እይታ" በሚሉት ክፍል ነው። የያሬድን በግ ደግሞ የቆረጠችው ቬሮኒክ ብሩክ ናት፤ ፈረንሳያዊት።

ሴቶቹ ላይ ቅሬታ የለኝም። አልዋሽም፣ "ድፍረት" ውስጥ ዛፍ ሥር የተቀመጡት የሽማግሎች ሸንጎ የተቆረጠበትን መንገድ ወድጄዋለሁ። አማርኛ አፏን ያልፈታች ሴት የሽማግሌን ዝምታ ያን ያህል መጠበቋ ይደንቃል። ምክንያቱም አማርኛ ተናጋሪ ዝም ሲልም ይናገራል። አንድ አዛውንት "እስቲ እንግዲህ..." ብለው መሬት መሬት ሲያዩ፣ ፈረንጅ ባዶ ጊዜ መስሎት ሊቆርጠው ይችላል፤ ለኛ ግን ወርቁ ያለው እዚያች ዝምታ ውስጥ ነው። ሰምና ወርቅ ያለው ቋንቋ ከማንም በላይ ጆሮ ያለው ቆራጭ ይፈልጋል። የኔ ጥያቄ ታዲያ እነሱ ለምን ቆረጡ የሚል አይደለም። እኛ ለምን የራሳችን ቆራጭ አጣን? ነው።

መልሱ ገንዘብ ብቻ ነው የሚሉ አሉ። እርግጥ ገንዘብ አለበት፤ የያሬድ ፊልም የተሠራው ከፈረንሳይ፣ ከጀርመን፣ ከኖርዌይና ከካታር በመጣ ሽርክና ነው፤ የፈረንጅ ገንዘብ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ "እኔው አገር ተመንዝሮ ይለቅ" የሚል ገመድ አለው። ግን ፖላንድም ሀብታም ስለሆነች አይደለም ሙያውን ያቆየችው። ፖላንድ እንደኛው ሶሻሊስት ነበረች። በዉድዥ ከተማ ያለውን የፊልም ትምህርት ቤት ያቋቋመችው እ.ኤ.አ. በ1948፣ ከጦርነቱ ፍርስራሽ ሳትወጣ ነው። የነሱ ሥርዓት በ1989 ተገረሰሰ፤ የኛው ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1983 ዓ.ም.። ያን ፓርቲ ሲጥሉ ትምህርት ቤቱን አብረው አልጣሉትም። ቆይተው በ2005 የፊልም ኢንስቲትዩት አቋቋሙ፤ ቴሌቪዥኑም፣ ሲኒማ ቤቱም፣ የኬብል ነጋዴውም ከገቢው አንድ ተኩል በመቶ ለፊልም እንዲያዋጣ በሕግ አሰሩት። የኛ ባለጊዜዎችስ? ደርግ ያቋቋመውን የኢትዮጵያ ፊልም ኮርፖሬሽን በ1991 ዓ.ም. ዘጉት። አለቀ። ኮርፖሬሽኑ ቅዱስ ነበር አልልም፤ የካድሬ ቤት ነበር። ነገር ግን ካድሬውን ማባረርና ቤቱን መዝጋት ይለያያል። ጋን ውስጥ አይጥ ገባች ተብሎ ጋን አይሰበርም።

ፖላንዶችን ያነሳሁት ለሌላም ነገር ነው። አንድዜይ ቫይዳ የሚባለው ታላቁ ዳይሬክተራቸው እ.ኤ.አ. በ1977 "የእብነ በረድ ሰው" የሚል ፊልም አወጣ፤ ጽሑፉ ከአሥር ዓመት በላይ ተከልክሎ የቆየ ነበር። ቆራጯ ሃሊና ፕሩጋር ትባላለች፤ የቫይዳ ቀኝ እጅ። ታሪኩ ለእኛ ትውልድ ሩቅ አይደለም። በአንድ ፈረቃ 30 ሺህ ጡብ ደርድሮ የጀግና ሐውልት ስለቆመለት ግንበኛ ነው፤ በደርግ ጊዜ "ኮከብ ሠራተኛ" እንደሚባለው። አንዲት የፊልም ተማሪ ይህን ሰው ልትፈልግ ትነሳለች። እውነቱን የምታገኘው የት መሰላችሁ? ለሕዝብ በታየው የዜና ፊልም ውስጥ አይደለም። ማኅደር ቤት ተጥሎ በቀረው፣ ተቆርጦ በወጣው ቁራጭ ውስጥ ነው!

ይብስ ብሎ ሳንሱር የዚህኑ ፊልም መጨረሻ ቆረጠው። ልጅቷ በግዳንስክ መቃብር ቦታ የግንበኛውን መቃብር ስትፈልግ የሚያሳየውን ክፍል "ይውጣ!" አሉ፤ ወጣ። ቁራጩን ግን አልጣሉትም። ከአራት ዓመት በኋላ፣ ሠራተኛው በግዳንስክ መርከብ መሥሪያ አምፆ መንግሥት እንደ ሸምበቆ ሲንቀጠቀጥ፣ ቫይዳና ሃሊና "የብረት ሰው" የሚለውን ፊልም ሠሩ፤ ያ የተቆረጠ ክፍልም ተመልሶ ገባ። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1981 የካንን ትልቁን ሽልማት ወሰደ። የተቆረጠ ነገር ካልተጣለ ቀን ጠብቆ ይመለሳል ማለት ነው። ሳንሱሮቹ ይህን ቢያውቁ ቁራጩን ያቃጥሉት ነበር።

አሁን ወደ ጉርድ ሾላ ልመለስ። ከባቡር ፌርማታው ገባ ብሎ አንድ ኤዲተር ልጅ ሰርቪስ ቤት ተከራይቶ ይኖራል። ክፍሉ ውስጥ ፍራሽ፣ ኮምፒውተር፣ መብራት ሲጠፋ እንደ ጫጩት የሚጮህ ባትሪ አለ። አንድ ማታ ሄጄ አጠገቡ ተቀመጥኩ። ወደ አርባ ሰዓት ከተቀረጸ ነገር የወጣ ፊልም ቆርጦ ነበር። ተዋናይዋ የእናቷን ሞት የምትሰማበት ቦታ ላይ ሲኒማ ቤቱ ሁሉ ያለቅስ እንደነበር ሰምቼ "እንዴት አድርገህ ነው?" አልኩት።

"ጋሼ፣ ስታለቅስ የተቀረጸው አላሳመነኝም" አለኝ። "ስምንት ጊዜ አስለቅሰዋታል፤ ስምንቱም የቲያትር ለቅሶ ነው። በኋላ ሳገላብጠው ዳይሬክተሩ 'አክሽን' ከማለቱ በፊት፣ ደክሟት ዓይኗን መሬት ላይ ጥላ የቆመችበት አራት ሰከንድ አገኘሁ። እሷን አስገባሁ።"

አራት ሰከንድ! ተዋናይዋ የማታውቀው፣ ዳይሬክተሩ ያላዘዘው፣ ካሜራ ያዡ በስህተት የቀረጸው አራት ሰከንድ ነው ሕዝብ ያስለቀሰው። ፖስተሩ ላይ ታዲያ ማን ነበር? ፕሮዲውሰሩ አለ፣ ደራሲው አለ፣ ዳይሬክተሩ አለ፣ ተዋንያኑ አሉ፣ ልብስ ያዋሰው ቡቲክ ሳይቀር አለ። ልጁ የለም። የመጨረሻ ክፍያውም "ፊልሙ ሲታይ" ተብሎ ነበር፤ ፊልሙ ታየ፣ ከሲኒማም ወረደ፣ ክፍያው እስከ ዛሬ በመንገድ ላይ ነው። ውል ነበረህ ወይ ብለው ሳቀብኝ። "ጋሼ ደግሞ! በስልክ ነው የተስማማነው።"

ለመሆኑ ውል የለም ብሎ ወደ ሕግ ቢሄድስ? የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 አለን። ተዛማጅ መብት የሰጠው ለከዋኞች፣ ለድምፅ ሪከርዲንግ ፕሮዲውሰሮችና ለብሮድካስት ድርጅቶች ነው። ዘፋኙ አለ፣ ካሴት አሳታሚው አለ፣ ጣቢያው አለ። ኤዲተር የሚል ስም እዚያ መደዳ ላይ አልተጻፈም። በ2010 ዓ.ም. የፊልም ፖሊሲ ወጣ ተብሎ ተጨብጭቦለታል፤ ፖሊሲው ይህ ልጅ ያለበት ሰርቪስ ቤት ገና አልደረሰም። ፍትሐዊ ለመሆን፣ ከ2006 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሰጠው የጉማ ሽልማት ለኤዲተርም ዘርፍ አለው፤ እሰየው ነው። በሽልማት ግን የቤት ኪራይ አይከፈልም።

ከሁሉ በላይ ያንገበገበኝ ክፍያው አይደለም። "ያ አርባ ሰዓት የት አለ? የጣልከውን አሳየኝ እስቲ" አልኩት።

"አጠፋሁት" አለኝ፣ ቡና ደፋሁ እንደሚል ሰው። "ሌላ ሥራ መጣልኝ፤ ሀርድ ዲስክ አልነበረኝም። የሚያስቀምጥ ደግሞ ማን አለ ጋሼ? ፕሮዲውሰሩን ጠየቅኩት፤ ፊልሙ ካለ ሌላው ምን ያደርግልናል አለኝ።"

ሌላው ምን ያደርግልናል! በዚያ አርባ ሰዓት ውስጥ ከተዋንያኑ ጀርባ የፈረሰ ሰፈር ሊኖር ይችላል። ዛሬ በሕይወት የሌለ አንጋፋ ተዋናይ ስቆ መስመሩን ሲረሳ ሊኖር ይችላል። የሚቀጥለው ትውልድ እንደዚያች የቫይዳ ተማሪ ልጅ ማኅደር ቤት ገብቶ ሊፈልገን ቢመጣ የሚያገኘው ምንድነው? የታየውን ብቻ! ማለትም የተፈቀደውን።

"ኃይሌ ገሪማ አለን አይደል?" የሚለኝ አይጠፋም። አለን፤ አሜሪካ! "ሳንኮፋ"ን እ.ኤ.አ. በ1993 ራሱ ነው የቆረጠው። በ2008 ቬኒስ ላይ የተሸለመውን "ጤዛ"ንም ከሎረን ሃንኪን ጋር ሆኖ ራሱ ቆርጦታል። ያንን ፊልም ያየ ሰው ለምን መቀሱን ለሌላ አሳልፎ እንደማይሰጥ ይገባዋል። አንበርብር ጣና ዳር መንደሩ ተቀምጦ ጀርመንን፣ አዲስ አበባን፣ ቀይ ሽብርን በቅዠት ያያል፤ ታሪኩ ያለው በመገጣጠሚያው ላይ ነው። ያን ፊልም በቀን ቅደም ተከተል ብትደረድሩት የአንድ ምሁር የሕይወት ታሪክ ይሆንላችኋል፤ ጤዛ አይሆንም። ግን ሁሉም ኃይሌ አይደለም፤ ሁሉም ዋሽንግተን ተቀምጦ፣ የራሱን ፊልም ራሱ እያከፋፈለ፣ ዓመታት ታግሦ ሊሠራ አይችልም። ጉርድ ሾላ ያለው ልጅ በሦስት ሳምንት አስረክብ ተብሏል።

ምን ይደረግ ትላላችሁ? ብዙ የሚያስወጣ ነገር አልጠይቅም። ፕሮዲውሰሮች ሆይ፣ በወረቀት ተዋዋሉ፤ የቡቲኩን ስም ስትጽፉ የቆራጩንም ጻፉ። ሕግ አውጪዎች አዋጁን ስትከልሱ ያቺን መደዳ በአንድ ቃል አስረዝሙ። ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍትና ቤተ መዛግብት ደግሞ ያለቀለትን ፊልም ብቻ ሳይሆን ቁራጩንም የሚቀበልበት አንድ ክፍል ይኑረው። መንግሥት ለስለላ ካሜራ ማስቀመጫ ዲስክ አያጣም፤ ለዚህ ያጣል አትበሉኝ።

ሰፈራችን የአትሌቲክስ ፌዴሬሽን ጽሕፈት ቤት ያለበት ነው። ሯጭ ሪቦኑን ሲበጥስ ስሙ ይጠራል፣ አሠልጣኙም አብሮ ይጠራል። በቀደም ከዚያ ልጅ ጋር ሌላ የቆረጠውን ፊልም ልናይ ከተማ ውስጥ አንድ ሲኒማ ቤት ገባን። "በዚህኛው ስሜ አለ፣ መጨረሻ ላይ ነው" ብሎኛል። ፊልሙ አለቀ፤ ሕዝቡ ተነሳ፤ እኛ ቁጭ ብለን ጠበቅን። የተዋንያኑ ስም አለፈ፣ የስፖንሰሮቹ አለፈ፣ የምስጋናው ዝርዝር ተጀመረ። በዚህ መሃል መብራቱ ቦግ አለ፣ ስክሪኑ ነጣ። አንዲት ሴትዮ መጥረጊያዋን ይዛ በራችን ላይ ቆማለች።

"አልቋል እኮ ጋሼ!" አለችኝ።